ስለ ዘንድሮው ካሌንደር ለደንበኞቻችን

ውድ ደንበኞቻችን፣ እንኳን አደረሳችሁ።

የአንድ የድሮ ፈረንጅ ፖለቲከኛ ፎቶ ያለበትን የእንቁጣጣሽ ካሌንደር ካደልን ወዲህ ሱቁ ሰላም አጥቷል። አንዱ ደውሎ «ሱቁን ለፈረንጅ ሸጥከው እንዴ?» አለኝ። አንዲት እናት ቲማቲም እየመረጡ «ልጄ፣ ይሄ ሽማግሌ የማን አባት ነው?» ብለው ጠየቁኝ። ካሌንደሩን ጠቅልሎ ባንኮኒው ላይ ጥሎልኝ የሄደም አለ። እሱ እንኳን ትንሽ ከንክኖኛል። አስር ዓመት ሙዝ የገዛኝ ሰው ነው።

«እዚህ ፖለቲካ አይወራም» የሚለውን ወረቀት በር ላይ የለጠፍኩት እኔው ስለሆንኩ ቅሬታችሁ ይገባኛል። ግን ሳትሰሙኝ ባትፈርዱብኝ።

ሰውየው ሰር ቶማስ ፕሌይፎርድ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1896 እዚሁ ከአዴላይድ በላይ ባለው ተራራ፣ ኖርተን ሰሚት የተወለዱ የቼሪ ገበሬ። በ13 ዓመታቸው ትምህርት አቋርጠው እርሻ ገቡ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ቱርክ ውስጥ ጋሊፖሊ ዘመቱ፤ በ1916 አውሮፓ ውስጥ ክፉኛ ቆሰሉ። ተመልሰው ያንኑ ቼሪያቸውን ያዙ። በ1933 የደቡብ አውስትራሊያ ምክር ቤት ገቡ፤ ከ1938 እስከ 1965 ደግሞ የክልሉ ፕሪሚየር፣ ማለትም የክልሉ መንግሥት መሪ ነበሩ። ሃያ ስድስት ዓመት! ይህን ስል የኛ ሰው ፊቱ እንደሚቀያየር አውቃለሁ።

አንድ የተማረ ደንበኛችን «ምርጫው እኮ የተዛባ ነበር» ብሎ ሞግቶኛል። እውነቱን ነው። ከምክር ቤቱ 39 መቀመጫ 26ቱ የገጠር፣ 13ቱ ብቻ የከተማ ነበር፤ አብዛኛው ሕዝብ ግን የሚኖረው ከተማ ነው። ይህን አልክድም። ጻድቅ ናቸው ብዬም አልሰቀልኳቸው።

ግን እኚሁ የወግ አጥባቂ ፓርቲ ሰው በ1946 የገዛ ወገናቸውን አስቆጥተው የመብራት ኩባንያውን ከግል እጅ ወስደው የመንግሥት አደረጉት። ከአዴላይድ በስተሰሜን ያለችው ኤልዛቤት ከተማ በ1955 የተቆረቆረችውም በሳቸው ዘመን ነው። ስንቶቻችሁ ናችሁ መጀመሪያ የተከራያችሁት እዚያ? ቤት የገዛችሁትስ፣ ግብር የምትከፍሉት ማዘጋጃ ቤት በማን ስም የሚጠራ ይመስላችኋል? በሳቸው ነው። ሂሳቡ ላይ አንብቡት።

የኔ ነገር ደግሞ ሌላ ነው። እዚህ አገር መጥቼ የመጀመሪያ ሥራዬ ተራራው ላይ ቼሪ መልቀም ነበር። ቼሪ ከነዘንጉ ነው የሚለቀመው። ዘንጉ ከተነቀለ ፍሬው ቶሎ ይበላሻል። ቅርንጫፉ ላይ ያለችውን እንቡጥ አብረህ ከገነጠልክ ደግሞ ከዚያች ቦታ ለከርሞ ፍሬ አትጠብቅ። መሰላል ላይ ቆሜ ስንቱን አበላሽቻለሁ! ስለ ሰውየው መጀመሪያ የሰማሁት እዚያ፣ ምሳ ሰዓት ላይ ነው። ሳጥን የሚሸከም ሰው ያን ያህል መድረሱ በዚያን ጊዜ ልቤን ሞልቶት ነበር። ዛሬም ፑራካ ጅምላ ገበያ በሌሊት ሳጥን ስጭን ትዝ ይሉኛል። ፎቶውን የመረጥኩት ለዚህ ነው። ማንም አልከፈለኝም፣ ማንንም ምረጡ አላልኩም።

«ፋሲል ግንብ የት ሄደ? ላሊበላስ?» ላላችሁኝ፣ ሌላም ምክንያት አለ። ድሮ የምናድለው ባለ አሥራ ሦስት ገጽ፣ በየገጹ የአገር ቤት ፎቶ ያለው ነበር። ዘንድሮ ኪራዩም፣ ነዳጁም፣ ማተሚያውም ጨመረ። ወይ የቃሪያና የሽንኩርት ዋጋ ልጨምር፣ ወይ ካሌንደሩን አንድ ወረቀት ላድርገው። ሁለተኛውን መረጥኩ። አንድ ወረቀት ላይ ደግሞ አንድ ፎቶ ብቻ ነው የሚገባው። ቃሪያው በአምናው ዋጋ መሆኑን ግን እስካሁን ያመሰገነኝ የለም።

የጾምና የበዓላት ቀናት ሳይወጡ መቅረታቸው ግን የኔ ጥፋት ነው። ቦታ ጠበበኝና ዘለልኳቸው። ይቅርታ። ቀናቱ ያሉበት ተለጣፊ ወረቀት ባንኮኒው ላይ አለ፤ በነጻ ውሰዱ። ፎቶው ላይ መለጠፍ የሚፈልግም ካለ አልቀየምም።

ሙዝ ደንበኛዬ፣ ያንተን ካሌንደር ከባንኮኒው ሥር አስቀምጬልሃለሁ። ቅዳሜ እንደ ወትሮው አንድ እጅ ሙዝ ለብቻው ይቀመጣል። እስከ አሥር ሰዓት እጠብቅሃለሁ።

አክባሪያችሁ፣
የሱቁ ባለቤት