ፈቃድ ስንጠብቅ ምስክሯ አረፉ፦ ለቢሮ ኃላፊው የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ክቡር ኃላፊ፣

ወደ አደባባይ የወጣሁት የዘጋቢ ፊልም ቀረጻ ፈቃድ ለመጠየቅ በመዝገብ ቤትዎ ገቢ ያደረግኳቸው ሦስት ማመልከቻዎች መልስ ስላጡ ነው። ስምንት ወር ሙሉ ጸሐፊዎ «ስብሰባ ላይ ናቸው»፣ ባለሙያው ደግሞ «ሂደት ላይ ነው» ሲሉኝ ከረሙ። በጽሑፍ አንዲት መስመር አላገኘሁም። በቃል የተነገረኝ ግን አያሻማም፦ የቀረጻችሁትን ሳናይ ፈቃድ አንሰጥም፤ ስለ ጠለፋ ማውራት የአካባቢውን ገጽታ ያበላሻል።

ዘጋቢ ፊልሙ በ14 ዓመቷ ውሃ ልትቀዳ ወርዳ የተጠለፈች ሴት ታሪክ ነው። ያኔ ሽማግሌ ተላከ፣ እርቅ ወረደ፣ ጋብቻ ተባለ። የ1949ኙ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም ጠላፊ የጠለፋትን ካገባና ጋብቻው ከጸና አይከሰስም ይል ነበር። ከተማ ያለው ቤቷ ገብተን ፊቷን በጥላ መሸፈን፣ ድምጿንም መለወጥ እንደምንችል ነገርኳት። ነጠላዋን ከግንባሯ ወደ ኋላ መለሰችና «እኔ ምን አጥፍቼ ነው የምደበቀው?» አለችኝ። ደጅ የነበረችውን ትልቋን ልጇንም ጠርታ አጠገቧ አስቀመጠቻት፤ ትስማ ብላ።

የቀረን እናቷ ያሉበት ገጠር ነበር። ቀበሌው ያለ እናንተ ደብዳቤ ካሜራ አላስገባም አለ። ልጅቷ የተወሰደች ዕለት እንስራው ወንዝ ዳር ተሰብሮ ሲገኝ፣ የታዘለበትን ገመድ እናት አንስተው ሣጥን ውስጥ አኑረውታል። «ካሜራችሁን ይዛችሁ ኑ፣ አውጥቼ አሳያችኋለሁ፤ ያን ቀን የሆነውንም እነግራችኋለሁ» ብለውን ነበር።

ባለፈው ወር አረፉ። ለቅሶ ስደርስ ልጃቸው ገመዱን አሳየችኝ። መሃሉ ላይ ተቋጥሯል። ማን እንደቋጠረው፣ እናቷም ይህን ሁሉ ዓመት ለምን እንዳልፈቱት እሷም አታውቅም። የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ነበሩ።

ሕጉን እርስዎ ያውቁታል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 29 የቅድሚያ ምርመራን በማንኛውም መልኩ ከልክሏል፤ «መጀመሪያ እንየው» ማለት ቅድመ ምርመራ ነው። አንቀጽ 35 ሴቶች ከጎጂ ባህል ተጽዕኖ የመላቀቅ መብታቸውን የማስከበር ግዴታ የጣለው በመንግሥት ላይ ነው፤ የተቀመጡበት ወንበርም የመንግሥት ነው። በ1996 የወጣው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 587 ጠላፊ በጋብቻ የሚያመልጥበትን በር ዘግቷል። ታዲያ ሕጉ ወንጀል ያለውን የተበደለችው ሴት በገዛ አንደበቷ ስትናገር ነው ገጽታ የሚበላሸው? ያበላሸው የጠለፋት ሰው ነው። አግዳሚ ወንበራችሁ ላይ ተቀምጬ ባሳለፍኳቸው ቀናት ሁሉ ይህን ልነግርዎ ነበር የመጣሁት።

ያን ቀን አብራት ውሃ የወረደች ጓደኛዋ አለች፤ ለመናገርም ፈቅዳለች። ፈቃዱን ከሰጡን በማግስቱ እንነሳለን። ከከለከሉም ምክንያቱን ጽፈው፣ ፈርመውና ማኅተም አድርገው ይስጡኝ።

አመልካቿ፣ የዘጋቢ ፊልም አዘጋጅ