ጣቱን አይተሽ አትፍረጂ

የኔ ዓለም እንዴት ከረምሽ። እኛ ደህና ነን፣ እናትሽም ደህና ናት፣ የትከሻዋን ነገር ወደታች እነግርሻለሁ። ወንድምሽ ነው የነገረኝ፣ እንዳትቆጪው፣ እኔ ነኝ አስጨንቄ ያወጣሁት። ፊቱ ላይ የሆነ ነገር አይቼ ሻይ ልጋብዝህ ብዬ ሐይቁ ዳር ወሰድኩት፣ እዛ ሁለት ብርጭቆ ከጠጣ በኋላ ዘረገፈው። ፕራክቲካሉ ላይ እንደወደቅሽ፣ ሁለት ቀን ክላስ እንዳልገባሽ፣ ዊዝድሮው አድርጌ ወደ ቤት እመጣለሁ ይሄ ትምህርት የኔ አይደለም እንዳልሽ። ደውዬ ልጮህብሽ ስልኩን አንስቼ ነበር፣ እናትሽ ቀማችኝ፣ ብትጮህባት ትዘጋብሃለች ይልቅ ጻፍላት አለች። ይሄው በዚች በተሰነጠቀች ስልኬ በአንድ ጣት እየጠቀጠቅኩ ነው፣ ፊደል ብሳሳት አትሳቂብኝ።

መጀመሪያ እህል ቅመሺ። ሳትበዪ አታንብቢው።

ወንድምሽ በትክክል ሰምቶ ከሆነ፣ አንዷን ልጅ አልጋ ጫፍ ላይ አስቀምጠው የዳሌዋን ኤክስተርናል ሮቴሽን፣ ወደ ውጭ መዞሩን፣ አሳዪን አሉሽ፣ አንቺ ደግሞ ቁርጭምጭሚቷን ይዘሽ እግሯን ወደ ውጭ ወሰድሽው፣ ዜሮ ሰጡሽ። ልክ ናቸው። ዜሮ ነው። ያሳየሽው ኢንተርናል ሮቴሽን ነው፣ ወደ ውስጥ መዞሩን። ኤክስተርናል ማለት ወደ ውጭ አይደል፣ እግሯን ወደ ውጭ ነው የወሰድኩት፣ ምን አጠፋሁ ብለሽ አለቀስሽ አሉ። ይሄን ስሰማ እኔም ሻዩ አልወርድ አለኝ፣ ምክንያቱን ቆይተሽ ታገኚዋለሽ።

ትናንት ማታ ሁሉም ከተኛ በኋላ ያቺን ለለቅሶ የምለብሳትን፣ እናትሽ መስመር አስይዛ የተኮሰቻትን ሱሪ ለብሼ የምግብ ጠረጴዛው ወንበር ላይ ቁጭ አልኩ። በሌሊት። እብድ ይመስላል አውቃለሁ። ጉልበቴን እንዳጠፍኩ እግሬን ወደ ሌላኛው እግሬ ወደ ውስጥ አሻገርኩትና የሱሪውን መስመር አየሁት፣ እግሬ ወደ ውስጥ በገባ ቁጥር ጭኔ ላይ ያለው መስመር ወደ ውጭ ይንከባለላል። እግሬን ወደ ውጭ ሳወጣው መስመሩ ወደ ውስጥ ይመለሳል። አንቺም አሁን ተቀመጪና ሞክሪው፣ መስመር ያለው ሱሪ ከሌለሽ ጭንሽ ላይ በእስክሪቢቶ አስምሪ። ሮቴሽን የሚጠራው በሚዞረው አጥንት ነው፣ የጭን አጥንት በራሱ ቁመት ዙሪያ ዞሮ የፊት ገጹ ከሰውነት መሃል ከራቀ ኤክስተርናል ነው፣ በቃ። ጉልበት ሲታጠፍ ቅልጥሙ እንደ መዘውር እጀታ ስለሚሆን ጫፉ በተቃራኒው ይሄዳል። ሰውየው እግሩን ዘርግቶ በጀርባው ሲተኛ ግን የተዘረጋ ጉልበት ለብቻው ስለማይዞር ጭኑም ጉልበቱም ጣቱም አብረው ወደ ውጭ ይወድቃሉ። ያው አጥንት፣ ያው እንቅስቃሴ፣ ያው ስም፣ ጣቱ ግን አንዴ ወደ ውስጥ ነው አንዴ ወደ ውጭ። ስለዚህ ልጄ ጣቱን አይተሽ አትፍረጂ።

ስሞቹ ናቸው የሚያምታቱኝ ብለሻል አሉ። ያምታታሉማ፣ እኔም ጤና ረዳት ሆኜ ሠላሳ ዓመት ስሠራ አምታተውኛል። የአናቶሚው መጽሐፍ ላተራል ሮቴሽን ይልሻል፣ ዋርድ ስትገቢ ኤክስተርናል ይሉሻል፣ አንድ ናቸው፣ እሱን ተዪው። ክንድ ጋ ስትደርሺ ግን ስሙ ይቀየራል፣ ሰው አቡነ ዘበሰማያት ሲደግም መዳፉን ወደ ላይ እንደሚያደርገው ያለው ሱፒኔሽን ነው። እግር ጋ ደግሞ ውስጥ እግር ወደ ውጭ ሲያይ ኢቨርሽን። ጉዱ ያለው እዚህ ላይ ነው፣ እጅ ላይ አውራ ጣትን ወደ ውጭ የሚያወጣው ሱፒኔሽን ሆኖ ሳለ እግር ላይ ኢቨርሽን የሚቆጠረው ከተቃራኒው ከፕሮኔሽን ጋር ነው። ተናደጂበትና ሸምድጂው ሌላ መላ የለውም። ቫልገስን ደግሞ ከመዞር ጋር አታደባልቂ፣ እሱ መጣመም ነው፣ ጉልበቱ የሚጋጨው ያ የጎረቤታችን ልጅ ጉልበቱ ወደ ውስጥ ገብቶ እያለ ቫልገስ የሚባለው ከጉልበቱ በታች ያለው አጥንት ወደ ውጭ ስላጋደለ ነው። ሁሉም የሚለካው ደግሞ ሰውየው ቀጥ ብሎ ቆሞ መዳፉን ወደ ፊት፣ አውራ ጣቱን ወደ ውጭ ካደረገበት አቋቋም ተነስቶ ነው። እኔ እንደዛ የሚቆም ሰው ፍተሻ ላይ ካልሆነ አይቼ አላውቅም ግን እሱን ያዢ።

አምና ክረምት ሐይቁ ዳር ስንሄድ እነዚያን የዳሌ ጡንቻዎች እንደ ውዳሴ ማርያም ስትወርጂያቸው ነበር፣ ፒሪፎርሚስ፣ ጀሜለስ ሁለቱ፣ ኦብቱሬተር ሁለቱ፣ ኳድራተስ ፌሞሪስ፣ ስድስቱም ጭንን ወደ ውጭ የሚያዞሩ። ቀረሶ የምትጠብሰዋ ሴትዮ ምን እያለች ነው ልጅህ ብላኝ አልነበር፣ ኮርቼ ነበር ያን ቀን፣ ሳልነግርሽ። ስም ታውቂያለሽ አንቺ። የቀረሽ እጅሽን ከመዘርጋትሽ በፊት የቱ አጥንት ነው የሚዞረው ብሎ መጠየቅ ነው።

የእናትሽ ትከሻ። ከጥቅምት ጀምሮ ሻሽ ማሰር አቅቷታል። እጇን ወደ ማጅራቷ ስትወስድ ጆሮዋ ጋ ትደርስና ትቆማለች፣ ከዚያ በግራዋ ጎትታ ታመጣዋለች፣ እንዳናይባት ጓዳ ገብታ ነው የምታስረው። እኔ ክርኗን ከጎኗ አስጠግቼ ዘጠና ዲግሪ አጥፌ ክንዷን ወደ ውጭ ላዞረው ስል እኔ ራሴ እየገፋሁት እንኳ አልሄድም አለ፣ ግራዋ ደህና ይዞራል። አንቺም እንደዚህ ነው የምትለኪው፣ ክርን ካላጠፍሽ በሽተኛው መዳፉን ገልብጦ ትከሻዬ ዞረ ይልሻል። ስኳሩም ስላለባት ፍሮዝን ሾልደር፣ ትከሻው ደርቆ የሚያዝበት በሽታ፣ ይመስለኛል፣ እሱ ሲጀምር ከሁሉ በላይ የሚነጥቀው ይሄን ወደ ውጭ መዞሩን ነው። ግን ራጅ ሳላይ አልናገርም፣ ወደ ኋላ ወልቆ የተቆለፈ ትከሻም ልክ እንደዚህ አልዞርም ይላል። ሰኞ አስመረምራታለሁ። ይመስለኛል ብሎ መቀመጥ ምን እንደሚያመጣ እኔ አውቃለሁ።

ያቺን ከበሩ ኋላ የተሰቀለችውን የወይራ ምርኩዝ ታውቂያታለሽ። አያትሽ በእርጅና ነው የያዘቻት ብለን ነው የነገርንሽ። ውሸት ነው።

ሐምሌ 1996 ነው፣ አንቺ ልትወለጂ ዓመት ሲቀርሽ። ዝናቡ ሦስት ቀን አላባራም፣ ግቢው ጭቃ ሆኗል፣ አያትሽ ከማድቤት እንጀራ በሰፌድ ይዛ ስትወጣ ደረጃው ላይ አዳለጣትና በጎኗ ወደቀች። ለእንጀራው ነው ያዘነችው፣ ለራሷ አይደለም። ከሥራ ስመጣ መደቡ ላይ በጀርባዋ አስተኝተዋታል፣ ጎረቤት ሞልቷል፣ ቡናው ይወቀጣል። ቀኝ እግሯ ወደ ውጭ ጋድሎ የትንሿ ጣቷ ጎን ፍራሹን ሊነካ ምንም አልቀረው። ተረከዞቿም እኩል አልነበሩም፣ ቀኙ ወደ ላይ ገባ ብሏል። አየሁት። በዓይኔ አየሁትና አፌን ከፍቼ ቁርጭምጭሚቷ ዞሯል ወለምታ ነው አልኩ።

ጉልበቷን ማየት ነበረብኝ። የጉልበቷ ሎሚ ወደ ጣራው እያየች ጣቱ ብቻ ወደ ውጭ ከሄደ ነገሩ ከጉልበት በታች ነው፣ ሎሚዋም አብራ ወደ ውጭ ካየች ከላይ ነው፣ ከጭን አጥንት። ግማሽ ደቂቃ አይፈጅም፣ ቀሚሷን ትንሽ ከጉልበቷ ከፍ ማድረግ ነው። አላደረግኩትም። አፈርኩ። የሰው እናት ብርድ ልብስ ስገልጥ የኖርኩ ሰውዬ የገዛ እናቴን ቀሚስ ጎረቤት ፊት መግለጥ አፈርኩ። እሷም በአንድ እጇ ጠርዙን ይዛ ወደታች ትጎትት ነበር፣ ተው ልጄ አለችኝ፣ ተውኩ።

ወጌሻው መጣ። ስንቱን ውልቃት የመለሰ ሰው ነው፣ እሱን አልወቅስም፣ እሱ የጠቆምኩትን ነው ያሸው። ቁርጭምጭሚቷን በቅቤ አሸ፣ ጎተተ፣ ወደ ውስጥ አዞረ፣ እኔ ከላይ ትከሻዋን ይዤያታለሁ። አያትሽ ስትጮህ በዕድሜዬ የሰማሁት ያን ቀን ብቻ ነው። ጎረቤቱ አይዞሽ አይዞሽ ይላል፣ እኔም አይዞሽ እላለሁ። በነጋታው አልተሻላትም፣ በሳምንቱም አልተሻላትም፣ በዘጠነኛው ቀን በሰው ሸክም አስፋልቱ ድረስ፣ ከዚያ በጋሪ ሆስፒታል ወሰድናት። ሐኪሙ ልጅ ነገር ነበር፣ ያኔ ካንቺ ብዙም የማይበልጥ። ምንም ሳይጠይቅ ብርድ ልብሱን ገልጦ ሁለቱን ጉልበቶች አስተያየና ዳሌ ነው ራጅ ይነሳ አለ። ሁለት እርምጃ ከኋላው ጋውኔን እንደለበስኩ ቆሜያለሁ።

ስብራቱ ከጭን አጥንቷ አንገት ዝቅ ብሎ ነበር። እንደዛ ሲሰበር ጡንቻው እግሩን ወደ ላይ ይስበዋል፣ የእግሩ ክብደት ደግሞ ወደ ውጭ ይጥለዋል፣ ማጠሩም መዞሩም ከዚያ ነው። ሦስት ወር ገደማ በትራክሽን፣ እግሯ በክብደት እየተጎተተ፣ ተኛች። አጥንቱስ ያዘ፣ ግን እንዳጠረና እንደዞረ ያዘ። ከዚያ በኋላ ስትሄድ አይተሽ ታስታውሺ እንደሆነ አላውቅም፣ ሦስት ዓመትሽ ነበር ስትሞት፣ እሷ ወደ ገበያ ስትሄድ ቀኝ ጣቷ ወደ ሐይቁ ነበር የሚያየው። የመጀመሪያዋን ልጅ እኔ ነኝ የማዝላት ብላ አንቀልባ ያለፋችው ሳትወድቅ በፊት ነው። አንድ ቀን አላዘለችሽም። አንቀልባው እናትሽ ሳጥን ውስጥ ነው፣ ለምን እንደማናወጣው ጠይቀሽን ታውቂያለሽ። እሷ እግዜር ያመጣው ነው እያለች ሞተች፣ እኔም እሺ እግዜር ነው እያልኩ ቀበርኳት።

እና አንቺ በዜሮ ነው ትምህርት የምትተዪው? ያንቺ ዜሮ ወረቀት ላይ ነው። ልጅቷ ከአልጋው ወርዳ በእግሯ ወደ ካፌ ሄዳለች። ጣቱን አይተሽ አትፍረጂ ያልኩሽ ለፈተና ብቻ አይደለም፣ የሚያፍሩ እናቶች ይመጡልሻል፣ ቀሚሳቸውን ይዘው። በሩን ዝጊ፣ ጎረቤቱን አስወጪ፣ በነጠላ ሸፍነሽ ጉልበቱን እዪ። ሁለቱንም ጉልበት። ተሰብሮም ካልተፈናቀለ እግሩ ላይዞር ይችላል፣ ስላልዞረ ደህና ነው እንዳትዪ። ባጃጅ ውስጥ ጉልበቱ ተመትቶ እግሩ አጥሮ ወደ ውስጥ የዞረ ከመጣ ደግሞ ዳሌው ወደ ኋላ ወልቆ ይሆናልና እንዳትነካኪው፣ ለሐኪም ጩኺ።

አሁን ስሚኝ። ሰኞ ጠዋት አስተማሪሽ ቢሮ ሂጂ፣ ሳታለቅሺ፣ ድጋሚ ልፈተን በዪ። ከዚያ በፊት ዶርም ያሉትን ልጆች አንድ በአንድ አልጋ ጫፍ ላይ አስቀምጪና ለኪያቸው፣ ዳሌ ወደ ውጭ 45 ዲግሪ ገደማ ነው የሚሄደው፣ ከዚያ በጀርባቸው አስተኝተሽ ድገሚው። እምቢ ካሉሽ ዳቦ ቆሎ ስጫቸው፣ እልክልሻለሁ። ቅዳሜ በሚወጣው ሚኒባስ በሶ፣ ዳቦ ቆሎና አንድ ጣሳ ቅቤ ይደርስሻል፣ ሾፌሩ ይደውልልሻል፣ ስልክሽን እንዳታጠፊ እንደ ባለፈው። ወንድምሽ ጃኬቱን መልሺልኝ ብሏል። ዊዝድሮው የምትዪውን ወረቀት ሞልተሽ ከሆነ ቅደጂው፣ ካልሞላሽ ደግሞ እንዳትሞይው፣ ከሞላሽው መጥቼ እኔ ነኝ የምቀደው፣ ጎንደር ሩቅ አይደለም።

ስለ አያትሽ የጻፍኩትን ለወንድምሽ አትንገሪው፣ እኔ እነግረዋለሁ። ለእናትሽም ነግሬያት አላውቅም፣ ወለምታ ያልኩት እኔ መሆኔን ታውቃለች፣ ጉልበቷን አፍሬ እንደተውኩት ግን አታውቅም።

እየጠራችኝ ነው፣ ቅዳሴ ልትሄድ ነው፣ ሻሿን ላስርላት። ዛሬ ጓዳ አልገባችም።

አባትሽ

የቅቤውን ጣሳ እንዳትጥዪው፣ የእናትሽ ነው፣ ትፈልገዋለች።