የሐምሌት በቀልና የላየርቲስ ደም

ለተከበሩ የጋዜጣው አዘጋጅ፤

በሼክስፒር ተውኔት የዴንማርኩ ልዑል ሐምሌት የአባቱን፣ የሟቹን ንጉሥ፣ ደም መመለሱ ፍትሐዊ ነበር ብሎ የሚሟገተውን፣ በቅርቡ በጋዜጣችሁ የወጣውን ጽሑፍ በጥሞና አንብቤዋለሁ። ገዳዩ አጎቱ ክላውዲየስ ራሱ ንጉሥም ዳኛም በሆነበት አገር፣ አባቱ የተገደለበት ልጅ አቤት የሚልበት ችሎት እንዳልነበረው ያለ ማንገራገር እቀበላለሁ።

ነገር ግን ጸሐፊው በዝምታ ያለፉት ሌላ ልጅ አለ። ሐምሌት ከመጋረጃ ጀርባ የተሸሸገውን ሰው ንጉሡ መስሎት ሲወጋ የሞተው የንጉሡ አማካሪ ፖሎኒየስ ነበር፤ ፖሎኒየስም ላየርቲስ የሚባል ልጅ አለው። በስሕተት ነው ቢባል፣ በሟች ቤት ለቅሶው ያው ለቅሶ ነው። የአባትን ደም መመለስ ለሐምሌት ከተፈቀደ፣ ላየርቲስ በሐምሌት ላይ ሰይፍ ማንሣቱን በምን አፋችን እንከለክለዋለን?

በሦስተኛው ገቢር ሐምሌት ክላውዲየስን ብቻውን ተንበርክኮ ሲጸልይ አግኝቶ ሰይፉን ይመዛል፤ ሆኖም በጸሎት ላይ ቢገድለው ነፍሱ ትድናለች ብሎ ስለሚሰጋ፣ ሰክሮ ወይም ኃጢአት ሲሠራ እስኪያገኘው ድረስ ይተወዋል። ዳኛ ሞት ቢፈርድ እንኳ ፍርዱ በሥጋ ላይ ያበቃል። የነፍስን ኩነኔ ጭምር የሚመኝ ሰው፣ የተነሣበት ምክንያት የቱንም ያህል እውነት ቢሆን፣ ከፍትሕ ወጥቷል ብዬ አምናለሁ።

በጣና ዳር ባደግሁበት መንደር አጎቴ በወሰን ጠብ ተገድሎ ነበር። አያቴ ደም የነካውን እጀ ጠባቡን ከምሰሶው ላይ ሰቅላ ስታኖረው፣ እኛ ልጆች ማዕድ ስንቀርብ ጀርባችንን ለእርሱ ሰጥተን እንድንቀመጥ አትፈቅድም ነበር፤ ደርቆ የጠቆረው አንገትጌ ዛሬም በዓይኔ ላይ አለ። የሟቹ ንጉሥ መንፈስ ልጁን አትርሳኝ ሲለው ባነበብሁ ቁጥር ያ እጀ ጠባብ ይታወሰኛል። ሽማግሌዎች ከካህናት ጋር ደጃችን ስንት ጊዜ እንደ ተመላለሱ አልቈጠርሁም፤ በመጨረሻ ካሳው ተቈርጦ፣ ሁለቱ ወገኖች በመስቀል ምለው ደሙ ሲደርቅ፣ አያቴ እጀ ጠባቡን በገዛ እጇ አወረደችው። አጎቴን ግን እስክትሞት ድረስ አልረሳችውም።

የጥንቱ ግሪካዊ ጸሐፌ ተውኔት አይስኪሎስም በ458 ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ለመድረክ ባበቃው «ኦሬስቴያ»፣ ለአባቱ ብሎ፣ ገዳዩ የሆነችውን እናቱን የገደለውን ኦሬስተስን ነፃ የሚያወጣው ሌላ ሰይፍ ሳይሆን የግሪኮች እንስት አምላክ አቴና ያቆመችው ችሎት ነው።

በዴንማርኩ ቤተ መንግሥት ሽማግሌ የገባው ሞት ከመጣ በኋላ ነው፤ ላየርቲስ ለሐምሌት ባዘጋጀው በራሱ የመርዝ ሰይፍ ቈስሎ ሊሞት ሲል ሐምሌትን ይቅር እንባባል ይለዋል፣ ሐምሌትም ይቅር ይለዋል። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሰው ይህ ተውኔት ባሕር ዳር ላይ ለመድረክ የሚበቃበት ቀን ከመጣ፣ አዘጋጆቹ ጊዜ ለማሳጠር ብለው ያችን የሁለት ሰው ንግግር እንዳይቈርጧት አደራ እላለሁ።

አክባሪያችሁ፣
አንድ አንባቢ፣ ከባሕር ዳር