የንድፍ አውጪውንም ስም ጻፉልን

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

የፊልም አምዳችሁን ማንበብ ከጀመርኩ ዓመታት ሆነኝ። ስለ ድሮ ፊልም ስትጽፉ ተዋናዩ ይነሳል፣ ዳይሬክተሩ ይመሰገናል። የምናየውን ዓለም በእርሳስ የፈጠረው ሰው ግን ስሙ እንኳ አይጠራም። ይኼ ነገር ስለሚከነክነኝ ነው ብዕር ያነሳሁት።

ከእነዚህ ንድፍ አውጪዎች አንዱ የሆነው ዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ እ.ኤ.አ. በ1896 አሜሪካ፣ ኒው ሄቨን ተወለደ። ንድፉን ያወጣለት «የባግዳዱ ሌባ» የተባለው ድምፅ አልባ ፊልም በ1924 ሲወጣ ገና የ27 ዓመት ወጣት ነበር። ባለፈው ቅዳሜ ከልጄ ጋር ቁጭ ብለን አየነው። ግንቦቹ ሰማይ ይነካሉ፤ ሰዎቹ ከሥር ጉንዳን ያክላሉ። ልጄ ድንገት «አባዬ፣ ከተማው ውሃ ላይ ነው እንዴ የተሠራው?» አለችኝ። ውሃ አይደለም፣ ወለሉ ነው። እንደ መስታወት ያብረቀርቅና የሕንጻዎቹን መልክ ገልብጦ ያሳያል። ከተማው መሬት የነካ አይመስልም፣ ይንሳፈፋል። ለእኔ ተረቱን ተረት ያደረገው ከሚበረው ምንጣፍ ይልቅ ያ ወለል ነው።

በ1929 ኦስካር ለመጀመሪያ ጊዜ ሲሰጥ የአርት ዳይሬክሽኑን፣ ማለትም የፊልም ንድፉን ሽልማት የወሰደው እሱ ነው።

ከዓመታት በኋላ «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» መጣ። ታሪኩ ለእኛም እንግዳ አይደለም። ነቢይ መኮንን እስር ቤት ሆኖ በሲጋራ ወረቀት ላይ ተርጉሞ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ ያስነበበን ነው። ፊልሙ ሲሠራ ዳይሬክተሮች ተፈራረቁበት። ጆርጅ ኪውከር ተነሳ፣ ቪክተር ፍሌሚንግ ገባ፣ እሱ ሲደክመው ደግሞ ሳም ውድ ተተካ። ሦስት ሰው የተቀባበለው ፊልም ግን ስታዩት ከአንድ እጅ የወጣ ይመስላል። ምክንያቱ የሜንዚስ ሥዕሎች ናቸው። ካሜራው የት እንደሚቆም፣ ሰማዩ ምን ያህል እንደሚቀላ፣ ጥላው በየት በኩል እንደሚወድቅ ቀድሞ በወረቀት ላይ አሳይቷል። ፕሮዲውሰሩ ዴቪድ ሴልዝኒክ «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» የሚለውን ማዕረግ የሰጠው ለዚህ ነው። የሙያው መጠሪያም በዚያው ተለመደ።

በዚሁ ፊልም ውስጥ ያለውን የአትላንታ ከተማ ቃጠሎ ደግማችሁ እዩልኝ። የተቀረጸው ዲሴምበር 10 ቀን 1938 ማታ ነው። ዋናዋን ገጸ ባሕርይ ስካርሌትን የምትጫወተው ተዋናይት ገና በይፋ አልታወቀችም፤ ጋሪው ላይ ያሉት ምትክ ሰዎች ናቸው። የሚነደው ስቱዲዮው ግቢ ውስጥ የቆመ አሮጌ ዲኮር ነው። «ኪንግ ኮንግ» ለተባለው ፊልም የተሠራው ግዙፍ ግንብም አብሮ ጋየ። እሳት «ድገሙልን» አይባልም፤ አንዴ ከነደደ አለቀ። ቀድሞ ያልተሳለ ነገር በዚያች ሌሊት አይገኝም ነበር። ለቀለም አጠቃቀሙም ኦስካር ልዩ ሽልማት ሰጥቶታል።

ራሱ ዳይሬክት ያደረጋቸው ፊልሞችም አሉ። በ1936 «ቲንግስ ቱ ካም»ን፣ በ1953 «ኢንቬደርስ ፍሮም ማርስ»ን ሠርቷል። እውነቱን ልናገር፣ በእነዚህ ውስጥ ከሰዎቹ ይልቅ ቤቶቹ ናቸው ነፍስ ያላቸው። በ1957 አረፈ።

የምለምናችሁ አንድ መስመር ብቻ ነው። ከዳይሬክተሩ ስም ሥር የንድፍ አውጪውን ስም ጨምሩልን። ልጄ ከቅዳሜ ወዲህ ፊልም ሲጀምር መጀመሪያ የምታየው ወለሉን ሆኗል። «ይኼንንስ ማን ሠራው?» ትለኛለች። እኔም ከጋዜጣችሁ አንብቤ ልነግራት እፈልጋለሁ።

አክባሪ አንባቢያችሁ
ከአዲስ አበባ