ፊልሙን አልተውኩትም

ይድረስ ለወዳጄ፣

እንዴት ከርመሻል? ልጆቹስ? እኔ ደህና ነኝ፤ የድሬ ሙቀት እንደምታውቂው ነው። ለምን ጠፋሽ አትበይኝ፤ አንቺም ጠፍተሻል፣ ተቻችለናል።

«ፊልሙን ተወችው እንዴ?» ብለሽ እናቴን ጠይቀሽ ነበር አሉ። አልተውኩትም። አሁንም እጽፋለሁ፣ የጻፍኩትንም ራሴው ዳይሬክት አደርጋለሁ። ሰው ኩራት ይመስለዋል። ለደራሲ የሚከፈል ብር ከየት ይምጣ!

ጥቅም ግን አለው። ገና ስክሪፕቱን ስጽፍ ኪሴን አውቀዋለሁ። የሌለኝን ቦታ አልጽፍም። የከዚራ ሰፈር የዛፍ ጥላ ኪራይ አይጠየቅበትም። የደቻቱ ወንዝም ሲደርቅ የፈለግሽውን ያህል ሰው ታቆሚበታለሽ፤ ክረምት ላይ ግን አልሞክረውም። የ1998ቱን ጎርፍ ያየ ሰው፣ ሰማዩ ጠራ ብሎ አሸዋው ላይ ካሜራ አይተክልም። ውሃው የሚመጣው ከላይ፣ ከተራራው ነው።

የቀረጻ መብራት ስለሌለኝ የምቀርጸው ጠዋት ነው። ፀሐይ አናት ላይ ስትወጣ የተዋናዮቹ ዓይን በጥላ ይጠፋል። ከምሳ በኋላ ደግሞ ካሜራማኑም በርጫ ላይ ነው፤ ድሬ ነዋ! ድምፁንስ ባልነግርሽ ይሻላል። ባጃጅ የማያልፍበት መንገድ ካወቅሽ ጠቁሚኝ።

አንድ ባለሀብት «የፍቅር ኮሜዲ አድርጊው፣ ብሩን እኔ እችላለሁ» ብሎኝ ነበር። የእኔ ታሪክ የጡረተኛ የባቡር ሠራተኛ ታሪክ ነው። ሳቅ አለው፣ ሰርግ ግን የለውም። ሰርግማ ቅዳሜና እሁድ እቀርጻለሁ፤ የቤት ኪራዩ ከዚያ ነው የሚወጣው።

አሁን የሚያሳስበኝ ማሳየቱ ነው። ኃይሌ ገሪማን አስቢው። ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማረ ነው የራሱን ፊልሞች ሲጽፍና ሲያዘጋጅ የኖረው። እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲጨርስ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊት ነሱት። እሱና ባለቤቱ በየከተማው ሲኒማ ቤት እየተከራዩ፣ ሰዉን ራሳቸው እየጠሩ አሳዩት። እ.ኤ.አ. በ2008 በ«ጤዛ» ቬኒስ ላይ የስክሪፕት ሽልማት ሲያገኝ ሁሉም አጨበጨበ፤ እኔን የሚገርመኝ ግን ያ አዳራሽ ኪራይ ነው። እኔም እዚሁ ድሬ አንድ አዳራሽ ልከራይ አስቤያለሁ። ከዚያ ሐረር። አዲስ አበባ ይቆይ።

ስክሪፕቱን በቴሌግራም እልክልሻለሁ። ንግግር በዝቶበታል፤ አንቺ ደግሞ መቁረጥ ታውቂያለሽ። ይሉኝታ ይቅር። ሽማግሌው ከልጁ ጋር የሚጣላበት ጋ ስትደርሺ ደውዪልኝ፣ እዚያ ላይ ተጣብቄያለሁ።

ያንቺው