«ዋስ እንጂ ተበዳሪ አይደለሁም» የማያድንበት ጊዜ

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፦

ለወዳጅና ለሥራ ባልደረባ ዋስ የሚሆኑ ሰዎች ሲፈርሙ የሚጽናኑበት አንድ ሐሳብ አለ፤ «መጀመሪያ የተበዳሪው ንብረት ይሸጣል፣ ካልበቃ ብቻ ወደ እኔ ይመጣሉ» የሚል። ሐሳቡ ከመሬት የተነሣ አይደለም። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ለተራ ዋስ ይህን መከራከሪያ ሰጥቶታል። ሆኖም ብዙዎች የሚፈርሙት ቅጽ ውስጥ «በአንድነትና በነጠላ ኃላፊነት» የምትል ሐረግ አለች፤ እሷ ካለች ነገሩ ይገለበጣል። በአንቀጽ 1933 መሠረት ባለገንዘቡ ተበዳሪውን ሳይጠይቅ፣ የያዘውንም መያዣ ሳይሸጥ በቀጥታ ዋሱን መክሰስ ይችላል። ተበዳሪው አድራሻ ቀይሮ ሲጠፋ ቋሚ ደመወዝ ያለው ዋስ ቀድሞ የሚከሰሰው ለዚህ ነው። ሐረጓ የሌለችበት ተራ ዋስም ቢሆን መብቱን ክሱ ሲጀመር ማንሣት አለበት፤ የተበዳሪው ንብረት የት እንዳለ ማመልከትም የእሱ ፋንታ ነው።

ከፊርማ በፊት መታየት ያለበት ሌላው ነገር የገንዘቡ ልክ ነው። በአንቀጽ 1922 መሠረት ዋስትና በግምት አይወሰድም፤ በግልጽ መሰጠት አለበት፣ ከተሰጠበት ወሰንም አልፎ አይተረጎምም፤ ዋስ የተሆነበት የገንዘብ መጠን ያልተገለጸበት ውልም አይጸናም። ስለዚህ የገንዘቡ ቦታ ባዶ በሆነ ቅጽ ላይ መፈረም ራስን ማታለል ነው፤ ባዶውን ቦታ ኋላ የሚሞላው ሌላ ሰው ነውና። ቁጥሩ በአኃዝም በፊደልም ይጻፍ፣ ወለድና ወጪን ይጨምር አይጨምር በግልጽ ይቀመጥ። በ200,000 ብር ጣሪያ የፈረመ ሰው ብድሩ ያለ እሱ ፈቃድ ወደ 350,000 ቢያድግ ለጭማሪው አይጠየቅም፤ ይህን ማስረዳት የሚችለው ግን የውሉን ቅጂ ከያዘ ነው። የዋስትና ውል በጽሑፍ መሆን፣ ሁለት ምስክሮችም ሊፈርሙበት እንደሚገባ በአንቀጽ 1725 እና 1727 ተደንግጓል።

በስሙ ብቻ የፈረመ ሰውና ቤቱን ለሌላው ብድር መያዣ የሰጠ ሰው ሁለቱም በመንደር ቋንቋ «ዋስ» ይባላሉ። ልዩነታቸው ሰፊ ነው። የመጀመሪያውን ባንኩ ፍርድ ቤት ማቆም አለበት። የሁለተኛውን ቤት ግን በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ ሊሸጠው ይችላል።

ባለትዳሮች ደግሞ የቤተሰብ ሕጉን (አዋጅ ቁጥር 213/1992) አንቀጽ 68 ያንብቡ። ከ500 ብር በላይ ለሆነ የሌላ ሰው ዕዳ ዋስ ለመሆን የሁለቱም ስምምነት ያስፈልጋል። ያልተስማማው ወገን ካወቀ በ6 ወር ውስጥ፣ በማናቸውም ሁኔታ ዋስትናው ከተሰጠ በ2 ዓመት ውስጥ፣ እንዲሰረዝለት ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ይችላል። ብዙውን ጊዜ የሚታየው ግን ሚስት ወይም ባል ነገሩን የሚሰማው መጥሪያ ቤት ሲደርስ፣ ያውም ሁለት ዓመቱ ካለፈ በኋላ መሆኑ ነው።

መጥሪያ ሲመጣ «እኔ አልተበደርኩም» ብሎ መቅረት የከፋው ስሕተት ነው፤ ጉዳዩ በሌሉበት ታይቶ ይፈረዳል። ዋሱ የመከላከያ መልሱን ሲያቀርብ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 43 መሠረት ተበዳሪው በክርክሩ እንዲገባ ይጠይቅ፤ ኋላ ሌላ ክስ ከመመሥረት ያድነዋል። ተፈርዶ ደመወዝ ሲያዝ ከሲሶው በላይ አይቆረጥም። ይህ ማጽናኛ ይመስላል፤ ሆኖም ወለዱ የሚቀጥል ከሆነ በሲሶ ክፍያ ዕዳው ለዓመታት ይጎተታል።

ዋሱ ከመክፈሉ በፊት ለተበዳሪው በጽሑፍ ያሳውቅ፤ ያለዚያ ተበዳሪው «እኔም ከፍዬ ነበር» የሚል መከራከሪያ ያገኛል። ከከፈለ በኋላ በባለገንዘቡ እግር ተተክቶ ተበዳሪውን መጠየቅ ስለሚችል ደረሰኙን፣ የብድር ውሉን ቅጂና የመያዣ ሰነዶቹን እዚያው ይቀበል።

አበዳሪ ተቋማትም ሁለት ነገር ቢያደርጉ ብዙ ክርክር ይቀር ነበር፦ የፈረመውን ቅጽ ቅጂ ለዋሱ መስጠት፣ ተበዳሪው የመጀመሪያውን ክፍያ ባሳለፈ ወር ለዋሱ በደብዳቤ ማሳወቅ። አሁን ዋሱ ብዙ ጊዜ የሚሰማው ቅጣትና ወለድ ከተጠራቀመ በኋላ ነው።

ከሰላምታ ጋር
አንድ የሕግ ባለሙያ