የሒሳብ ክበብ የዓመቱ ዘገባ፦ ከጨዋታ ገበያ እስከ ቅዳሜ ገበያ

የሒሳብ ክበባችን እስከ ዓምና ድረስ የሚታወቀው በጥያቄና መልስ ውድድር ነበር። ዘንድሮ ግን የዓመቱን ሥራ የወሰኑት አባላቱ ራሳቸው ናቸው። መስከረም ላይ ጥቂት የ11ኛ ክፍል ልጆች መጥተው፣ በሚጫወቷቸው የቪዲዮ ጨዋታዎች ውስጥ ገበያ እንዳለ፣ ዕቃ በርካሽ ገዝቶ በውድ መሸጥ እንደሚቻል፣ አንዱ ተጫዋች አዘውትሮ ሲያተርፍ ሌላው አዘውትሮ እንደሚከስር ነገሩኝ። ከዚያም «ቲቸር፣ ይሄ በሒሳብ ይሠራል ወይስ ዕድል ብቻ ነው?» አሉኝ። እንዲህ ያለ ጥያቄ ከተማሪ ሲመጣ ሌላ ዕቅድ ማውጣት አያስፈልግም።

ትምህርት ቤታችን የጨዋታ ማሽን የለውም፤ ለዚህ ሥራ ግን አላስፈለገንም። የኮምፒውተር ክፍሉ ኤክሴል አለው፣ እኛም ደንቡ በትክክል የሚታወቅ አንድ የጨዋታ ገበያ መርጠን በኤክሴል ሠራነው። የመረጥነው ኒንቴንዶ የተባለው የጃፓን ኩባንያ መጋቢት 2012 ዓ.ም. ላይ ባወጣው «አኒማል ክሮሲንግ፡ ኒው ሆራይዘንስ» ውስጥ ያለውን የተርኒፕ ገበያ ነው። ጨዋታው በወጣ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ኮዱን የፈተሹ ሰዎች ዋጋው የሚወጣበትን ስሌት ለሁሉም ስላሳወቁ፣ በግምት የምንሞላው ክፍተት አልነበረንም። ክበቡ የሚገናኘው ረቡዕ ረቡዕ ነው፤ መብራት በጠፋባቸው ረቡዖች ዋጋዎቹን ቀደም ብዬ ካተምኩት ወረቀት ላይ አነብላቸው ነበር።

አሠራሩ ይህን ይመስላል። እሑድ ጧት አንዲት ሻጭ ተርኒፕ የተባለውን ነጭ ሥር ይዛ ትመጣለች። ዋጋው ከ90 እስከ 110 ቤል ነው፤ ቤል የጨዋታው ገንዘብ ነው። ከሰኞ እስከ ቅዳሜ ደግሞ ሱቁ ተርኒፑን መልሶ ይገዛል፣ የሚገዛበትም ዋጋ በቀን ሁለት ጊዜ፣ ጧትና ከሰዓት፣ ይለወጣል። በሳምንት 12 ዋጋ ማለት ነው። እስከ ቅዳሜ ማታ ያልተሸጠ ተርኒፕ በሚቀጥለው እሑድ ይበሰብሳል።

12ቱ ዋጋዎች ዝም ብለው የተበተኑ አይደሉም። ከአራት መልኮች አንዱን ይይዛሉ፤ ልጆቹ ዥዋዥዌ፣ ትልቅ ዝላይ፣ ቁልቁለትና ትንሽ ዝላይ ብለው ሰየሟቸው። ዥዋዥዌ ላይ ዋጋው ከፍ ዝቅ ይላል። ቁልቁለት ላይ ሳምንቱን ሙሉ ይወርዳል፣ መመለስ የለም። ትንሽ ዝላይ ከመግዣው ዋጋ እስከ 2 እጥፍ፣ ትልቅ ዝላይ ደግሞ ከ2 እስከ 6 እጥፍ ያደርሳል። የዚህ ሳምንት መልክ የትኛው እንደሚሆን የሚወሰነው ባለፈው ሳምንት መልክ ላይ ተመሥርቶ ነው። ያለፈው ሳምንት ቁልቁለት ከነበረ፣ በዚህ ሳምንት ትልቅ ዝላይ የመምጣቱ ይሁንታ (የመሆን ዕድሉ) 45 በመቶ ነው፤ ያለፈው ሳምንት ራሱ ትልቅ ዝላይ ከነበረ ግን 5 በመቶ ብቻ ነው። የ11ኛ ክፍል ልጆች ይህን ሰንጠረዥ በማትሪክስ፣ ማለትም በረድፍና በዓምድ በተደረደሩ ቁጥሮች፣ ጽፈው በራሱ ደጋግመው ሲያባዙት፣ በረጅም ጊዜ ዥዋዥዌ 35 በመቶ ገደማ፣ ትልቅ ዝላይ 25፣ ትንሽ ዝላይ 26፣ ቁልቁለት 15 በመቶ ገደማ ሆኖ ረጋ። ማትሪክስ ለምን እንደሚባዛ ሲጠይቀኝ የኖረ አንድ ልጅ ከዚያ ረቡዕ በኋላ ያንን ጥያቄ ደግሞ አልጠየቀኝም።

ከዓመቱ ሥራ እኔ ከሁሉ አስበልጬ የማየው «የ87 ጥያቄ» ብለን የያዝነውን ነው። እሑድ በ100 ገዛን፤ ሰኞ ጧት ሱቁ 87 አለ። ምን እናድርግ? በመጀመሪያው ቀን ክፍሉ በሁለት ተከፈለ፦ «ወርዷል፣ እንሽጥ» የሚሉና «ይወጣል፣ እንጠብቅ» የሚሉ። ሁለቱም ወገን የሚያየው ቁጥሩን ብቻ ነበር።

ደንቡን ስናስቀምጥ ነገሩ መልክ ያዘ። የዥዋዥዌ ሳምንት ሰኞ ጧት ወይ ከመግዣው 90 በመቶና ከዚያ በላይ ወይ ደግሞ ከ60 እስከ 80 በመቶ ሆኖ ስለሚጀምር፣ 87 ዥዋዥዌን ሙሉ በሙሉ ያስወጣል። ቁልቁለትና ትልቅ ዝላይ ሁልጊዜ የሚጀምሩት ከ85 እስከ 90 በመቶ ባለው ጠባብ ክልል ነው። ትንሽ ዝላይ ብዙውን ጊዜ ከ40 እስከ 90 በመቶ ባለው ሰፊ ክልል ስለሚጀምር እዚያች ጠባብ ቦታ ላይ የሚያርፈው አልፎ አልፎ ነው። አሁን ያለፈውን ሳምንት እናስገባ። ያለፈው ሳምንት ቁልቁለት ከነበረ፣ 87ን ካየን በኋላ የትልቅ ዝላይ ይሁንታ 86 በመቶ ይደርሳል። ያለፈው ሳምንት ትልቅ ዝላይ ከነበረ ግን ያው 87 የቁልቁለትን ይሁንታ 74 በመቶ ያደርገዋል፣ ትልቅ ዝላይ ወደ 18 በመቶ ይወርዳል። ቁጥሩ አንድ ነው፤ ትናንትን መዝግቦ የያዘና ያልያዘ ሰው ግን ከእሱ ፈጽሞ የተለየ ነገር ያነቡበታል። ከዚህ በኋላ ደብተር ሳይዝ ወደ ክበብ የሚመጣ ልጅ አላየሁም።

ክርክሩ በዚህ አላበቃም። 74 በመቶ ቁልቁለት መሆኑ ከታወቀ መሸጥ ነው የሚሻለው? አብዛኛው ክፍል «አዎ» አለ። አንዲት የ10ኛ ክፍል ተማሪ ብቻ «ቆይ፣ ስንት እንደምናጣና ስንት እንደምናገኝ አልተባለም» አለችና ሰሌዳው ላይ ወጣች። ትልቅ ዝላይ መውጣት የሚጀምረው ከሰኞ ከሰዓት እስከ ሐሙስ ከሰዓት ባለው ጊዜ ውስጥ ነው፤ ስለዚህ ቢበዛ እስከ ሐሙስ ከሰዓት መጠበቅ ይበቃል። ቁልቁለት በየግማሽ ቀኑ የመግዣውን ዋጋ ከ3 እስከ 5 በመቶ ስለሚቀንስ፣ እስከዚያ ድረስ 87ቱ ወደ 59 ገደማ ይወርዳል፤ የሚታጣው 28 ነው። ዝላዩ ከመጣ ግን ቢያንስ 200 ይሸጣል፣ አማካዩ 400 ነው፤ የሚገኘው ከ113 ይጀምራል ማለት ነው። 28ን በ74 በመቶ፣ ትርፉን በ18 በመቶ አባዝታ፣ በትንሽ ዝላይ የሚገኘውን ጨምራ ስታስቀምጥ፣ በአማካይ የሚያዋጣው መጠበቅ ሆነ። ይመጣል ተብሎ በብዛት የሚጠበቀው ነገርና የሚያዋጣው ውሳኔ አንድ አለመሆናቸውን በዚያች ሰሌዳ ላይ አየን። ይህን እኔ ብነግራቸው ኖሮ በዚያ ልክ አይገባቸውም ነበር ብዬ አምናለሁ።

መቼ እንደሚሸጥም ከዚሁ ወጣ። የመጀመሪያው ጭማሪ እንደታየ አንድ ግማሽ ቀን መታገሥ ነው። ሁለተኛው ዋጋ ከመግዣው 140 በመቶ ካለፈ ትልቅ ዝላይ ነው፣ ቀጣዩ ዋጋ ጫፉ ነው። ከ140 በታች ከቀረ ትንሽ ዝላይ ነው፣ ጫፉ ከመጀመሪያው ጭማሪ በኋላ ሦስተኛው ላይ ይመጣል። ሐሙስ ከሰዓት ድረስ ምንም ካልተነቃነቀ በዚያው ሰዓት መሸጥ ነው፤ አርብና ቅዳሜ የሚያመጡት ኪሳራ ብቻ ነው።

አባላቱ በቡድን ተከፍለው፣ በገንዘብ ፈንታ በነጥብ እየገዙና እየሸጡ ይወዳደሩ ነበር። ደንቡን ሁሉም ቡድን ካወቀው በኋላ ልዩነት ያመጣው ስንት እንደሚገዛ ነው። በየሳምንቱ ያለውን ነጥብ በሙሉ የሚያስገባው ቡድን ሁለት ቁልቁለት ተከታትሎ ሲመጣበት መነሣት አቃተው። በ100 ገዝቶ በ59 የሸጠ ሰው 41 በመቶ አጥቷል፤ ወደነበረበት ለመመለስ ግን 70 በመቶ ገደማ ማትረፍ አለበት። ግማሹን ብቻ ያስገባ የነበረው ቡድን በአንድም ሳምንት አንደኛ ሳይወጣ የመንፈቀ ዓመቱ መሪ ሆነ።

ሁለተኛው መንፈቅ ላይ የገበያውን ጠባይ ቀየርን። በተርኒፑ ገበያ ዋጋው በኮድ የተወሰነ ነው፤ ክፍሉ በሙሉ በአንድ ሰዓት ቢሸጥ ሱቁ ያው ይከፍላል። ሌሎች ጨዋታዎች እንዲህ አይደሉም። ሲሲፒ የተባለው የአይስላንድ ኩባንያ በ2003 እ.ኤ.አ. ባወጣው «ኢቭ ኦንላይን» ውስጥ አብዛኛውን ዋጋ የሚወስኑት የመግዣና የመሸጫ ትእዛዝ የሚያስገቡት ተጫዋቾች ራሳቸው ናቸው። ገበያው እጅግ ከመስፋቱ የተነሣ ኩባንያው በ2007 እ.ኤ.አ. ኤዮልፉር ጉድሙንድሶን የተባሉ የምጣኔ ሀብት ምሁር ቀጥሮ እንዲከታተሉት አድርጓል። እኛም በዚህ ዓይነት ሠራን፦ ቡድኖቹ እርስ በርስ ይገበያያሉ፣ የሚገዛበትንና የሚሸጥበትን ዋጋ እያንዳንዱ ሰሌዳ ላይ ይጽፋል፣ ዋጋው ከዚያ ይወጣል።

በመጀመሪያው ዙር የሆነውን ሳልጽፈው አላልፍም። «ሐሙስ ይወጣል» የሚለውን ትንበያ ሁሉም ቡድን ስለያዘው፣ ሁሉም ረቡዕ ገዝቶ ዋጋውን ረቡዕ ላይ አስወደደው። ሐሙስ ሁሉም ሻጭ ሆነ፣ ገዢ ጠፋ። ትንበያው ተሳስቶ ሳይሆን ሁሉም እጅ ስለገባ ትርፉን በላው። ልጆቹ ይህን ካዩ በኋላ የሚጠይቁት ጥያቄ ተለወጠ፤ «ዋጋው ስንት ይሆናል?» ከማለት «ሌሎቹ ስንት ይሆናል ብለው ያስባሉ?» ወደ ማለት አለፉ።

በዚሁ ገበያ ላይ በሽያጭ 5 በመቶ ክፍያ ጨመርን። የትልልቆቹ ጨዋታዎች አዘጋጆችም ይህን ያውቁበታል፤ «ኦልድ ስኩል ሩንስኬፕ» የተባለው ጨዋታ ከ2014 ዓ.ም. ጀምሮ በዋናው ገበያው ላይ ሻጩን ግብር ያስከፍላል፣ አንድ ሰው በ4 ሰዓት ውስጥ የሚገዛውን ብዛትም ይገድባል። ክፍያው እንደተጨመረ በ100 ገዝቶ በ104 መሸጥ ኪሳራ ሆነ፤ እጅ የሚገባው 98.80 ነውና። በየደቂቃው ይገዛና ይሸጥ የነበረው ቡድን ዝም ብሎ ማሰብ ጀመረ።

የቅዳሜ ገበያን ሥራ የጀመርነው ከዚህ በኋላ ነው። ለናሙና የመረጥነው ሽንኩርት ነው፤ እንደ ተርኒፑ የሚበሰብስ፣ ከቆላ ወደ ደጋ የሚመጣ ነውና። ሸዋ ሮቢት 1,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ሆና በመስኖ ታመርታለች፤ ደብረ ብርሃን በ2,800 ሜትር ገደማ ላይ ሆና ትበላለች። በመካከል የደብረ ሲና ዳገትና የጣርማ በር ዋሻ አለ። በተርኒፑ ጨዋታም አንዱ ተጫዋች በሚኖርበት ደሴት ላይ 60 የሆነ ተርኒፕ በዚያው ሰዓት ሌላ ተጫዋች ደሴት ላይ 500 ሊሆን ይችላል፣ ተጫዋቾችም ተርኒፓቸውን ይዘው ይሻገራሉ፤ መንገዱ ግን ነዳጅም የተበላሸ ሽንኩርትም አያውቅም። ልጆቹ ከሮቢት ዘመድ ያላቸው በስልክ እየጠየቁ የሁለቱን ዋጋ ጎን ለጎን ሲመዘግቡ፣ ልዩነቱ ሁሉ ትርፍ ይመስላቸው ነበር። ጭነቱን፣ አውራጁን፣ ደላላውንና ከማዳበሪያው ሥር የሚበሰብሰውን ሲቀንሱለት ነው የነጋዴው እጅ የሚገባው ስንት እንደሆነ የታያቸው።

አንድ የ9ኛ ክፍል ልጅ ሽንኩርት የሚሸጡ እናት ዘንድ ሄዶ «እትዬ፣ የሚቀጥለው ቅዳሜ ስንት ይገባል?» ብሎ ጠየቃቸው። «ከሮቢት ስንት አይሱዙ እንደተጫነ ሳልሰማ ምን እልሃለሁ ልጄ? ሐሙስ ማታ ና፣ እነግርሃለሁ» አሉት። ሐሙስ ማታ ሄደ፤ ነገሩት፤ መዘገበ። ከዚያ ወዲህ የክበቡ ደብተር ላይ የመኪና ብዛት የሚጻፍበት ዓምድ አለ። ልጁ ይህን ያመጣው ማንም ሳያዘው ነው፤ በዓመቱ ከተሠራው ሁሉ ልቤን የነካው እሱ ነው።

የጾም መግቢያና የበዓል ዋዜማ ዋጋውን እንዴት እንደሚያነሡትና እንደሚጥሉት ከወላጆች ብዙ ሰምተናል፤ የራሳችን ምዝገባ ግን የአንድ ዓመት ብቻ ስለሆነ ዘንድሮ ምንም መደምደሚያ አላወጣንበትም። ይህንንም አባላቱ ራሳቸው ናቸው የወሰኑት። በተርኒፑ ገበያ አራት መልክ ብቻ መኖሩን አስቀድመን እናውቃለን፤ የሽንኩርቱን መልኮች ብዛት የነገረን የለም።

ለሚቀጥለው ዓመት ሽንኩርቱን እንቀጥላለን፣ ማሾ የተባለውን ጥራጥሬም እንጨምራለን። ማሾ በሸዋ ሮቢት ዙሪያ ባለው በቀወት ወረዳ በኩል በስፋት ይዘራል፣ በ2000 ዓ.ም. ሥራ በጀመረው የኢትዮጵያ ምርት ገበያም ይገበያያል፤ ስለዚህ የአርሶ አደሩን፣ የነጋዴውንና የማዕከላዊውን ገበያ ዋጋ ማስተያየት ይቻላል። ከ12ኛ ክፍል የሚለቁን አባላት የትንበያ ደብተሮቻቸውን ለቤተ መጻሕፍቱ አስረክበዋል። ደብተሮቹ ላይ እያንዳንዱ ትንበያ ዋጋው ከመገለጡ በፊት ቀን ተጽፎበትና ተፈርሞበት ይገኛል፤ የተሳካውም ያልተሳካውም አልተሰረዘም። አዲስ አባል መሆን የሚፈልግ መስከረም ላይ ከመመዝገቡ በፊት አንዱን ተውሶ ቢያነብ ይጠቅመዋል። የምንገናኘው እንደ ዘንድሮው ረቡዕ ከሰዓት በኮምፒውተር ክፍል ነው።